የወይዘሮ ብርቄ የቅቤ ማሰሮ

«ኧረ ታጥቤያለሁ፣ እማማ» አለች እየሩስ፣ እጇን ማሰሮው ውስጥ እንደከተተች። አማቷ ወይዘሮ ብርቄ «እጅሽን አውጪ» ያሏት ለንጽሕና መስሏት ነበር። ማሰሮው የጨመሩበትን ለጋ ቅቤ ወዲያው የብዙ ዓመት ቅቤ ያደርጋል እየተባለ በቡታጅራ ይወራለታል፤ ለመስቀል ክትፎ ለጋ ቅቤ ማቅረብ ደግሞ ለአዲስ ሙሽራ ነውር ነው።

ቅቤው እንደተባለውም ከርሞ ወጣ። ያወጣው እጅ ግን የአሮጊት እጅ ሆኗል። የሠርግ ቀለበቷ ከከሳው ጣቷ ሊወልቅ ሲል በሌላው እጇ ያዘችው። ባሏ ለበዓሉ ከአዲስ አበባ ተነስቶ መንገድ ላይ ነበር።

«ልጅዎን ምን ልበለው?»

ገና ጸጉራቸው ያልሸበተው ወይዘሮ ብርቄ፣ ሁልጊዜ ከነጠላቸው ስር የማይጠፋውን ቀኝ እጃቸውን አውጥተው ከእጇ ጎን አስቀመጡት። ሁለቱ እጆች መንታ ይመስሉ ነበር።

«እኔ አባቱን ያልኩትን በይው። ሥራ በዛብኝ በይው።»