ጥንቸሏ ወለሉን ስትመታ

ማታ ማታ የናርዶስ እናት ከባሏ ጋር ከሱቃቸው ሲመለሱ፣ የግቢውን በር ከመክፈታቸው የልጅቷ ጥንቸል በኋላ እግሯ ወለሉን ዷ! ታደርገዋለች።

የአስር ዓመቷ ልጃቸው ናርዶስ የጥንቸልን ጠባይ ከዩቲዩብ ተምራ ጨርሳለች። ጥንቸሏ ጥርሷን ቀስ አድርጋ ስታፋጭ ደስ ብሏት ነው። በጎኗ ዘፍ ብላ ስትተኛ ቤቱን አምናው ነው። ወለሉን ስትመታ ግን "የሚያስፈራ ነገር መጣ፣ ተደበቁ" ማለቷ ነው።

"ሰማህ?" ትለዋለች ባሏን፣ የቀኑን ድካም ሁሉ እሱ ላይ እየተወጣች። "እንስሳ እንኳን ፈራህ! ጫማህን እየጎተትክ፣ እየሳልክ ስትገባ ምን ታድርግ? አይደል እንዴ፣ ናርዲ?"

ናርዶስ አንገቷን ትደፋለች። አባቷ ሰሞኑንማ ጫማውን ደጅ አውልቆ በካልሲ መግባት ጀምሯል።

ዛሬ ዕቃ የሚያራግፍ መኪና ስለዘገየ እሱ እዚያው ሱቅ ቀረ። እሷ እግሯ አብጦ፣ ወገቧ ተቆርጦ ብቻዋን መጣች። "እስቲ ዛሬ እንኳን ያቺ ምስኪን ጥንቸል እፎይ ትበል" እያለች የግቢውን በር ቀስ አድርጋ ከፈተች።

ዷ!

ባለችበት ቆመች። በተከፈተው መስኮት የቴሌቪዥኑ ድምፅ ጸጥ አለ። ደብተር በጥድፊያ ሲገለጥ ተሰማት። ቀጥሎ ናርዶስ ለጥንቸሏ ስታንሾካሹክ ሰማች።

"አይዞሽ፣ አይዞሽ። አባዬም አብሯት አለ።"