እውነተኛ ዝገት

የፊልሙ ዳይሬክተር ዝገት የሚመስል ቀለም የተቀባውን ቆርቆሮ በጥፍሩ ፋቅ አደረገው። ቀለሙ ተነሣ።

«ሠላሳ ዓመት ለፊልም ቀረጻ ቤት ስትሠራ ኖረህ ይኼን ታቀርብልኛለህ? እውነተኛ ዝገት አምጣ!»

ባለሙያው በማግሥቱ ማኒላ ከተማ ወንዝ ዳር ፔርላ ወደምትባል ባልቴት ጎጆ ሄደ። የዛገ ጣሪያዋን አስነቅሎ በሚያብረቀርቅ አዲስ ቆርቆሮ ለወጠላት። አቅፋ መረቀችው። በአሮጌው ቆርቆሮ የሠራውን ጎጆ የፊልሙ መጨረሻ ላይ ዶዘር ጨፈለቀው፤ እሱም ተሸለመበት።

ዋንጫውን ሊያሳያት ሲሄድ ደጃፏ ላይ እያለቀሰች አገኛት።

«ለድሆች ቤት የሚሰጡት መዝጋቢዎች መጥተው ነበር። ጣሪያዬን አይተው ‹አንቺማ ሀብታም ነሽ› ብለው ዘለሉኝ። አቤት ስላልኩ ነገ ሊያጣሩ ይመለሳሉ። ጌታዬ፣ የድሮ ቆርቆሮዬን ይመልሱልኝ።»

«ዶዘር ጨፍልቆት ተጣለ እኮ።»

«እንግዲያው ይሄኛውን አሮጌ አስመስለው ይቀቡልኝ።»

ቀኑን ሙሉ ሲቀባ ዋለ። እንዲህ ያማረ ዝገት በዕድሜው ሠርቶ አያውቅም።

በማግሥቱ መዝጋቢው መሰላል ላይ ወጥቶ ጣሪያውን አየና ራሱን ነቀነቀ። «በእውነት ተሳስተናል» አለ። ፔርላ ከታች ሆና አማተበች።

ሰውየው ከመውረዱ በፊት ጓንቱን አወለቀና ቆርቆሮውን በጥፍሩ ፋቅ አደረገው።