ቀዩ ቀለም

ሰሊጥ ተሽጦ ሰርግ በሚበዛበት ወር የሩፊዳ ፕሪንተር አመል አወጣ። የምታትመው ካርድ ሁሉ ከዳር እስከ ዳር በነጭ መስመር ተሸነታትሮ ይወጣል። ቀይ መሆን የነበረበት ጽጌረዳ እንደ ዛገ ቆርቆሮ ቡናማ ሆነ። የገንዳ ውሃ ከተማ ደንበኛ ደግሞ ትዕግስት የለውም።

ፕሪንተሩ ለሩፊዳ እንዲሁ ዕቃ አልነበረም። ባሏ ሰፍዋን፣ ሴት ልጅ ከስምንተኛ ክፍል በላይ ምን ይሠራላታል ብሎ የተነሳ ጊዜ፣ የጆሮ ወርቋን ሸጣ ገዛችው። ሳሎኗ ጥግ አስቀመጠችውና የልጃቸውን የረፊቃን የትምህርት ወጪ ጠቅልላ ወሰደች። ሰፍዋንም ልጅቷ አሥራ ሁለተኛን እስክትጨርስ የባል ወሬ በቤቱ እንደማይነሳ በአባቱ ፊት ቃል ሰጠ። ረፊቃ አሁን አሥራ አንደኛ ክፍል ናት። ከክፍሏም አንደኛ ትወጣለች፤ ሩፊዳ ይህን ላልጠየቃትም ሰው ትናገራለች።

መጀመሪያ የጠረጠረችው ሙቀቱን ነው። የመተማ ሙቀት ቀለም ሲያደርቅ አዲስ ነገር አይደለም። ፕሪንተሩ ራሱን እንዲያጸዳ ሦስት ጊዜ አዘዘችው፤ የሙከራ ገጽም አወጣች። ጥቁሩ፣ ሰማያዊውና ቢጫው ደህና ናቸው። ቀዩ ብቻ ተቆራርጧል።

የቀለሙን ቋት አየች። ሥራ ስትጨርስ ቀለሙ የደረሰበትን በእስክሪብቶ የማመልከት ልማድ አላት። ቀዩ ከምልክቷ ዝቅ አላለም። ጉንዳን ግን ወርሮታል።

ጉንዳን ደግሞ ቀለም አይወድም። ክዳኑን ከፍታ በጣቷ ነካ አድርጋ ቀመሰችው። ከርከዴ የሚባለው ቀይ መጠጥ ነው፤ ያውም ስኳሩ የበዛ።

ድንበሩ ከተረበሸ ወዲህ ከሱዳን የሚመጣው ቀለም እንደ ልብ አይገኝም። አንድ ሰው ቀዩን ጨርሶ፣ እንዳይታወቅበት በከርከዴ ሞልቶታል። እንዲህ የሚያደርገው ፕሪንተር የማያውቅ፣ ከርከዴ ግን ከእጁ የማይጠፋ ሰው ነው። ሰፍዋን ከርከዴ ሳይጠጣ አይውልም።

የቆሻሻ ቅርጫቱን ገለበጠችው። ከታች የተቀደደ የወረቀት ቁራጭ አገኘች። ጥጉ ላይ የተሸነታተረ ጽጌረዳ፣ ከሥሩ «የጋብቻ ጥሪ» የሚል ጽሑፍ አለበት። ስም ያለበት ግማሽ የለም። የእሷ ሥራ ላለመሆኑ መማል ትችላለች፤ እሷ ጽጌረዳ ጥግ ላይ አስቀምጣ አታውቅም።

እዚያው ወለሉ ላይ ቁጭ አለች። ነገሩ ሁሉ ይገጣጠምላት ጀመር። ሰፍዋን ከአብደራፊ ከተማ ሲደወልለት ውጭ ወጥቶ ነው የሚያወራው። አዲስ ጀለቢያ አሰፍቷል። ያለወትሮው ለእሷ ትሕትና አብዝቷል፤ ረፊቃ ፊቱ ስትቀመጥ ደግሞ ዓይኑን ይሰብራል። እህቱ ዋሲላ እንኳ ባለፈው ጁምዓ መጥታ የገዛ አምባሯን አውልቃ የረፊቃን እጅ ስትለካ ነበር። ልጅቷን ደልለው ለእንጀራ እናት ሊያለማምዷት ነው።

ካርዱን ከተማ ቢያሳትም ወሬው በአንድ ቀን ይደርሳት ነበር። ስለዚህ እሷ ገበያ ስትወጣ ጠብቆ፣ ከስልኩ እየላከ፣ በገዛ ፕሪንተሯ ያትማል። ያንገበገባት ይህ ነው። ሁለተኛ ሚስት ማግባቱን ሃይማኖቱ ፈቅዶለታል። አሥራ ስምንት ዓመት አብረው ኖረው እንደ ሌባ መደበቁን ግን ማን ፈቀደለት? ልቧ እስኪደክም አለቀሰች።

ከዚያ እልህ ያዛት። ሰፍዋን ለሁለት ቀን አብደራፊ ሄዶ ነበርና ጊዜ አላት። ከርከዴውን በስሪንጅ መጠጠች፤ ቋቱን ለብ ባለ ውሃ ደጋግማ አጠበች፤ ቀለሙ ከሚረጭበት ሥር እርጥብ ጨርቅ አንጥፋ እስከ ማግስቱ ተወችው። ፎቶ ቤት ካላት ጎረቤቷ ከመሠረት አንድ ጠርሙስ ቀይ ቀለም ለምና አመጣች። ፕሪንተሩን አራት ጊዜ አጸዳችው። በአራተኛው የሙከራ ገጽ ላይ ቀዩ መስመር ሳይቆራረጥ ወጣ።

ሰፍዋን ተመልሶ ለምሳ ሲገባ ቁራጩን ወረቀት ጠረጴዛው ላይ አገኘው። በቆመበት ቀረ። ፊቱ አመድ መሰለ።

«የረፊቃ አባት፣ ይህን ከቅርጫት ከማገኘው ከአንተ አፍ ብሰማው ይሻል ነበር» አለችው።

ሽማግሌዎች ነገሩን እንደ ጨረሱት፣ አሁን ወደ ኋላ ማለት በሰው ፊት ነውር እንደሚሆንበት በተቆራረጠ ድምፅ ነገራት። እሷም እስኪጨርስ ታገሠችው።

«ኸላስ፣ በቃ፣ አግባ። አልከለክልህም» አለችው። «አንድ ነገር ብቻ ነው የምለምንህ። የረፊቃን ትምህርት እንዳትነካብኝ።»

ሰፍዋን ቀና ብሎ አያት። ከዚያ አንገቱን ደፋ። ሩፊዳ ሐፍረት ነው ብላ አዘነችለት፤ እንዲያ ተበድላም አዘነችለት።

«በል ካርዱን ላከው» አለችው። «በእኔ ፕሪንተር መታተሙ ካልቀረ ጥርት ብሎ ይውጣ።»

«ተይው ሩፊዳ።»

«ላከው።»

በመጨረሻ በጣም እንደ ደከመው ሰው ስልኩን አወጣና ነካካው። ፕሪንተሩም ወረቀት ሳበ።

ጽጌረዳው ቀድሞ ወጣ፤ ደማቅ ቀይ ነው፤ አንድም ነጭ መስመር የለበትም። ሩፊዳ የባሏን ስም ልታነብ ጎንበስ አለች። ሙሽራው ግን አብዱረሕማን ይላል፤ ሚስቱ የሞተችበት የአብደራፊው ሰሊጥ ነጋዴ።

ወረቀቱ አንድ መስመር ወደፊት ተገፋ። ሙሽሪት፣ ረፊቃ ሰፍዋን።