አራት ካሬ

«እንደገና ደምሪው» እላታለሁ። «ተሳስተሻል፣ የኔ ልጅ።»

ተስኒም ትባላለች፣ የባንኩ የብድር ክፍል ሠራተኛ ናት፤ ስሟ ደረቷ ላይ ተንጠልጥሏል። ሳትቆጣ የኮምፒውተሩን ቁልፎች ነካ ነካ አድርጋ ስክሪኑን ወደ እኔ ታዞረዋለች። ያው ነው። የቤት ብድር ቀሪ ዕዳ፣ አንድ ሚሊዮን አንድ መቶ አራት ሺህ ብር ይላል፣ ከስሜ ሥር።

«የተበደርነው እኮ አንድ ሚሊዮን ሁለት መቶ ሺህ ነው! ሰባት ዓመት ሙሉ በየወሩ አሥራ ሰባት ሺህ ስድስት መቶ ከፍያለሁ። አንዲት ወር አልዘለልኩም፤ በኮሮና ጊዜ እንኳ አልዘለልኩም።»

«አልዘለሉም፣ እትዬ ትብለጽ። አከፋፈልዎ አንድም እንከን የለበትም።»

«ታዲያ ብሬ የት ገባ?»

እኔ እኮ ቁጥር የሚያምታታኝ ሴት አይደለሁም። ፒያሳ፣ ወርቅ ቤቶቹ ጋ፣ ሱቅ አለኝ፤ የአርባ ሰው ዕቁብም ዳኛ ነኝ። አሥራ ስምንት ዓመት የሰው ገንዘብ ስሰበስብ አንድም ሰው ሳንቲም ጎደለኝ ብሎኝ አያውቅም። የመጀመሪያው ዕጣ በወጉ የዳኛ ነው፤ እኔ ግን በልቼ ባለዕዳ ከምሆን ብዬ ሁልጊዜ የመጨረሻውን ነው የምወስደው።

ብድሩንም እንደ ዕቁብ ቆጠርኩት። ሃያ ዓመት፣ ሃያ ዙር። ሰባቱን ጥያለሁ፣ አሥራ ሦስቱ ይቀረኛል፤ ወለዱንም በየወሩ እኩል እኩል ነው የሚቆርጡት አልኩ። በዚህ ስሌት ሰባት መቶ ሰማንያ ሺህ ቀርቶኛል። ባለፈው ሳምንት ስምንት መቶ ሺህ ዕቁብ ሲደርሰኝ፣ ዛሬ ዕዳዬን ልዘጋ ጥሩ ልብሴን ለብሼ፣ ከፒያሳ ቁልቁል እስከ ቴዎድሮስ አደባባይ በእግሬ ወረድኩ። መንገድ ላይ ያገኘሁትን ሁሉ ስቄ ሰላም ስል ነው የመጣሁት።

ባሌ ፍትዊ ቃሊቲ መኪናው ጋ ሆኖ ስልኬን ይጠብቃል። የጅቡቲ መስመር የተሳቢ ሹፌር ነው፤ ወገቡ ካስቸገረው ሁለት ዓመት አለፈው። የመልቀቂያ ደብዳቤውን ጽፎ ኪሱ ከቶታል። ከኔ ሱቅ የሚገኘው ለቀለባችን ይበቃል፣ ለባንክ ግን አይበቃም። ስለዚህ «ብድሩን እንደዘጋሁ እደውልልሃለሁ፣ ያኔ ታስገባዋለህ» ብዬዋለሁ። ጠዋት ፂሙን ሲላጭ እያፏጨ ነበር።

ተስኒም ረጅም ወረቀት አትማ ፊቴ ትዘረጋለች።

«ባንክ እንደ ዕቁብ አይደለም፣ እትዬ። ወለዱ የሚታሰበው በቀረው ዕዳ ላይ ነው። መጀመሪያ ላይ ዕዳው ትልቅ ስለሆነ ከሚከፍሉት አብዛኛውን ወለዱ ይወስደዋል። ዋናውን ብድር የሚቀንሰው የተረፈው ብቻ ነው።»

መነጽሬን አድርጌ የመጀመሪያውን ወር አነባለሁ። ወለድ፣ አሥራ ሰባት ሺህ። ዋና ብድር፣ ስድስት መቶ።

«ስድስት መቶ ብር?!»

ጮኼ ነው መሰለኝ ጥበቃው ዞር አለ። ያን ወር ከፍለን ስንወጣ ፍትዊ ደስ ብሎት ለጎረቤት የሚዳረስ ትልቅ ኬክ ገዝቶ ነበር። ለኬኩ ብቻ ስድስት መቶ ሃምሳ ብር አወጣን። ዋይ አነ! ለቤቴ ከተቆጠረልኝ ኬኩ በለጠ!

«እስከ መጨረሻው ብከፍልስ?»

ጣቷን የወረቀቱ ግርጌ ላይ ታሳርፋለች። አራት ሚሊዮን ሁለት መቶ ሃያ አራት ሺህ። በአንድ ቤት የሦስት ቤት ተኩል ዋጋ።

«ይሄ ሁሉ ውሉ ላይ ነበረ?»

«አባሪው ላይ አለ። ፈርመውበታል።»

ፈርሜያለሁ። ዕቁብተኞቼን ሳያነቡ እንዳይፈርሙ የምቆጣ ሴትዮ፣ የቤቱን ቁልፍ ለመቀበል ቸኩዬ ሳላነብ ፈረምኩ።

«ቢሆንም ከዋናው ስምንት በመቶውን ጨርሰዋል» ትለኛለች፣ ልታጽናናኝ።

ቤታችን ሃምሳ ካሬ ነው። ስምንት በመቶው አራት ካሬ።

«አራት ካሬማ ሽንት ቤታችን ነው!»

ሳቋ አመለጣትና አፏን ያዘች። እኔም ልስቅ ስል እንባዬ ቀደመኝ። በሰባት ዓመት ሽንት ቤት ገዛሁ! የዛሬ አራት ዓመት በደረሰኝ ዕቁብ ሳሎኑን ሴራሚክ አስነጠፍኩበት። ያኔ እዚህ አምጥቼው ቢሆን ኖሮ! አሳልፌ የሰጠሁት የራሴን ብር ብቻ መስሎኝ ነበር፤ ለካ የፍትዊን ወገብም ነው።

ተስኒም ውሃ አቀረበችልኝና እንደገና ቁልፎቹን ነካካች። ፊቷ በራ።

«ስምንት መቶ ሺውን ዛሬ ከዋናው ብንቀንሰው የሚቀረው ሦስት መቶ አራት ሺህ ነው። ያንኑ ወርሃዊ ክፍያ ከቀጠሉ በሃያ ወር ያልቃል! አሥራ አንድ ዓመት ከላይዎ ይወርዳል፣ እትዬ!»

«ወርሃዊው አይቀነስልኝም?»

«ውሉ አይፈቅድም። የሚያጥረው ጊዜው ነው።»

ቃል በቃል አንብቤ ፈረምኩ። እስክሪብቶውን ሳላስቀምጥ ስልኬ ጮኸ።

«ትብለጽ! አለቀ? ላስገባው?» ይላል ፍትዊ። ከጀርባው ሹፌሮች ይሳሳቃሉ፤ አንዱ «ጡረተኛው!» ይለዋል።

«ፍትዊ» አልኩ። «አላለቀም። ሃያ ወር ይቀረናል። ጥፋቱ የኔ ነው።»

ሳቁ ከጀርባው ቀጥሏል።

«ሃያ ወር» አለ። «ስንት ጅቡቲ ነው?»

በወር ሦስት ጊዜ ይመላለሳል። ስልሳ። ስሌቱ ወዲያው ደረሰልኝ፤ ከአፌ ማውጣት ግን አቃተኝ።

«እሺ» አለ ራሱ። «እሺ፣ አታልቅሺ።»

ስልኩን አልዘጋውም። የመኪናው በር ሲዘጋ ሰማሁ፤ ከዚያ ሞተሩ ተነሳ።