ቀማኛው ይግባ

«አሰልጣኙ ይውጣ! ቀማኛው ይግባ!»

መጀመሪያ አንድ ጥግ የጀመረውን ዘፈን አሁን ከኋላው ያለው ደጋፊ ሁሉ ተቀብሎታል። አሰልጣኙ ዞር ብሎ አያይም። የሚወጣውም የሚገባውም እሱ ራሱ ነው። ተጫዋች ሳለ ኳስ ከተከላካይ እግር ስር እየነጠቀ ስለሚያገባ ቀማኛው ይሉት ነበር። ያኔ ይኸው ሕዝብ ትከሻው ላይ አውጥቶ ከተማውን አዙሮታል፤ ዛሬ በዚያው ዜማ ያላግጥበታል። መቼም የሕዝብ ነገር ነው፣ አዲስ ዜማ ለማውጣት እንኳ አልደከመም።

ባዶ ለባዶ ናቸው፤ ጨዋታው ሊያልቅ ትንሽ ቀርቶታል። አቻ ከወጡ ክለቡ በዋናው ሊግ ይቆያል፣ ከተሸነፉ ይወርዳል። ከወረደ ደግሞ አሰልጣኙም አለቀለት። ሁለት ክለብ አሰናብቶታል፣ ሦስተኛውን ይዞ ከወረደ ስልክ የሚደውልለት ቀርቶ ስልኩን የሚያነሳለት አይኖርም። ሚስቱ ስድቡ አንገሽግሿት ስታዲየም መምጣት ትታለች። ጠዋት ሸሚዙን እየተኮሰች፣ እባክህ ዛሬ እንኳ አትቸኩል ብላዋለች።

ረዳቱ የሚስቱ ወንድም ነው። እሱም ተጫዋች ነበር፣ ዕድሜውን የጨረሰው ግን ኳስ ከግብ በማራቅ ነው። አሁን ረጅሙን ተከላካይ ጃኬቱን አስወልቆ መስመሩ ላይ አቁሞታል። የቀራቸው ቅያሪ አንድ ብቻ ነው።

«እሱን እናስገባና በራችንን እንዝጋ» ይላል ረዳቱ። «አቻው ይበቃናል።»

አሰልጣኙ ራሱን በእሺታ ይነቀንቃል። አማቹ ልክ ነው። አማቹ ሁልጊዜ ልክ ነው፣ የሚያሰለቸውም ይኸው ልክነቱ ነው። ለአራተኛው ዳኛ ቁጥሩን ሊነግር አፉን ሲከፍት ግን ዓይኑ አምልጦት ወደ ማዶ ይሄዳል።

የተጋጣሚው ቀኝ ተከላካይ እጁን ወገቡ ላይ ጭኖ ቆሟል። ትንፋሹ አልቋል፤ ከጀርባው መኪና የሚያዞር ቦታ ባዶውን ትቷል። ግብ ጠባቂው ደግሞ በወደቀ ቁጥር የግራ ትከሻውን እየያዘ ነው የሚነሳው። በዚያ በኩል ኳሷን ዝቅ አድርገው ቢመቱበት አይደርስባትም። አሰልጣኙ ስልጠና ወስዷል፣ ሰሌዳ ላይ ቀስት ሲስል ከርሟል፣ ፈተናውንም አልፏል። ዓይኑ ግን ምንም አልተማረም። አሁንም ሜዳውን ሲያይ የሚታየው ክፍተቱና ግቡ ብቻ ነው።

ልቡ ይመታል። መጫወት ካቆመ ወዲህ እንዲህ ደስ ብሎት አያውቅም፤ በዚህ ሰዓት ደስ ማለቱም ያሳፍረዋል።

ረጅሙን ተከላካይ ተቀመጥ ይለዋል። ቀጭኑን አጥቂ ጠርቶ አንገቱን ይይዝና በጆሮው ይነግረዋል፤ ከተከላካዩ ጀርባ ግባ፣ በግብ ጠባቂው ግራ ምታት፣ ሁለቴ እንዳትነካት።

ረዳቱ ክንዱን ይጨብጠዋል። «ምን እያደረግክ ነው? እኛ እኮ አንድ ነጥብ ነው የምንፈልገው።»

«ጎሏ ታየችኝ።»

«ቢሆንም የምትመታት አንተ አይደለህም» ይላል ረዳቱ ቀስ ብሎ።

የቅያሪው ሰሌዳ ከፍ ይላል። ከተከላካዮቹ ፊት ቆሞ ሲያጸዳ የዋለው አማካይ ይወጣል፣ አጥቂው ይገባል። ደጋፊው ያጨበጭባል።

ሁሉም ነገር ልክ እንዳየው ይመጣል። ቀኝ ተከላካዩ መመለስ ያቅተዋል። ኳሷ ከጀርባው ታልፋለች፣ ቀጭኑ አጥቂ ብቻውን ይደርስባታል፣ ግብ ጠባቂው ከግቡ ይወጣል። አሰልጣኙም መስመሩ ላይ አንድ እርምጃ ያፈጥናል፣ ግራ እግሩን ይተክላል፣ ትንፋሹን ይውጥና በቀኙ ይመታል።

አጥቂው ግን አልመታም። ኳሷን ለማመቻቸት አንድ ጊዜ ጨምሮ ነካት። ግብ ጠባቂው እግሩ ስር ተወርውሮ ያቅፋታል፣ በደህናው እጁም ወዲያው ወደ መሃል ይልካታል። እዚያ የሚያስቆማት አማካይ ወጥቷል። ረጅሙ ተከላካይ ጃኬቱን መልሶ ለብሶ ተቀምጧል። የተጋጣሚ ተጫዋቾች ሦስት ሆነው ባዶ ሜዳ ላይ ይሮጣሉ። የተጠባባቂ ወንበሩ ሰው ሁሉ ብድግ ብሎ አንገቱን ወደ ራሳቸው ግብ አዙሯል።

አሰልጣኙ አላየም። የሚያየው እግሩን ነው። ቀኝ እግሩ በካልሲ ብቻ እርጥቡ ሣር ላይ ቆሟል፤ አጥብቆ ሲመታ ጫማው ወልቆ ሜዳ ውስጥ ተወርውሯል። ጎሉ መግባቱን የሚያውቀው ማዶ ከተቀመጡት የተጋጣሚ ደጋፊዎች ጩኸት ነው። አራተኛው ዳኛ ጫማውን አንስቶ፣ አፈሩን ጠርጎ፣ ጎንበስ ብሎ በሁለት እጁ ይሰጠዋል።

ፊሽካው ይነፋል። ተጫዋቾቹ አንድ በአንድ በፊቱ ያልፋሉ። በሌላ ቀን ቢሆን በአንድ የተቀደደ ካልሲ ሳምንት ሙሉ የሚያላግጡ፣ ጥርስ የማያስከድኑ ልጆች ናቸው። አሁን እግሩን ያዩና ዓይናቸውን ያሸሻሉ። አንዱ እንኳ ቢስቅ ቀለል ይለው ነበር።

ቀጭኑ አጥቂ መጨረሻ ላይ ይመጣል። የሁለት ልጆች አባት ነው፣ እንደ ልጅ እየተንሰቀሰቀ ነው። አሰልጣኙ ፊት ይቆማል።

«ይቅርታ ኮች» ይላል። «እርስዎ ቢሆኑ አይስቱም ነበር።»

አንድ አሰልጣኝ እዚህ ላይ የሚለው ነገር አለ። ቃሉንም ያውቀዋል፣ ተምሮታል፤ ትከሻውን አቅፎ፣ አይዞህ፣ ይህ ማንም ላይ የሚደርስ ነው ማለት ነው። ይፈልገዋል። ከልቡ ሊለው ይፈልጋል።

«አዎ፣ አልስትም ነበር» ይለዋል፣ ጫማውን በእጁ እንደያዘ።