የታታ ኢላሪዮ ችሎት

ታታ ኢላሪዮ በትምህርት ቤቱ ግቢ ከሳንቃ በተሠራው መድረክ ላይ፣ የዳኛው ወንበር ላይ ተቀምጠዋል። ጥቁሩ ካባ ከቄሱ የተዋሱት ነው። «ታታ»፣ አባት፣ ብሎ የሚጠራቸው መንደርተኛ ብርድ ልብሱን ደርቦ፣ ኮካ ቅጠሉን እያኘከ ያያቸዋል።

ተውኔቱን የጻፈችው ልጃቸው ባሲሊያ ናት፤ ጠበቃ ነበረች፣ አሁን የምክር ቤት አባል ናት። ጽሑፉን ይዛ ከመጋረጃው ጀርባ ቆማለች። ታሪኩ የአባቷ ነው። በወጣትነታቸው የተነጠቁትን መሬት ሊያስመልሱ ከተማ ቢወርዱ፣ ዳኛው «እንደ ሰው ተናገር!» ብሎ ከችሎት አስወጥቷቸዋል። እሳቸው የሚችሉት የአገሬውን ቋንቋ፣ አይማራን ብቻ ነበር፤ እሱ የሚሰማው ስፓኒሽ ብቻ።

ሰው ሁሉ ዳኛውን አልጫወትም ሲል «እኔ እሆናለሁ» ያሉት ራሳቸው ናቸው።

«አባባ፣ ይቅርብዎ» ብላቸው ነበር ባሲሊያ።

«ለምን? ከዚህ መንደር እሱን በቅርብ ያየሁት እኔ ነኝ።»

አሁን ወጣቱን ኢላሪዮን የሚጫወተው ጎረቤታቸው ፌርሚን ባርኔጣውን አውልቆ ፊታቸው ይቆማል። «ክቡር ዳኛ፣ ከሐይቁ ዳር ያለው መሬት የአባቴ ነው» ይላል በአይማራ።

ታታ ኢላሪዮ አፋቸውን ይከፍቱና መልሰው ይዘጉታል።

«‹እንደ ሰው ተናገር› ይበሉት» ትላለች ባሲሊያ በሹክሹክታ፣ የረሱት መስሏት።

«አልረሳሁትም፣ ልጄ» ይላሉ ዘወር ሳይሉ። ከዚያ ለፌርሚን፦ «ቁጭ በል። ከሩቅ ነው የመጣኸው። እስቲ ቀስ ብለህ ንገረኝ።»

ፌርሚን ግራ ይገባዋል። «ታታ፣ እንዲህ አይልም እኮ! ማባረር ነው ያለብዎት።»

«ዳኛው ማነው? እኔ ነኝ አንተ?»

ሕዝቡ ያውካካል። አንዲት ሴት ከኋላ ትጮኻለች፦ «ካላባረሩትማ ባሲሊያ በምን ምክንያት ጠበቃ ትሆናለች?»

«ድንች ትትከላ! ምን አነሳት?» ይላሉ ታታ ኢላሪዮ።

ሳቁ ይብሳል። ባሲሊያ ግን አልሳቀችም። ገና ሁለት ክፍል ይቀራል፤ እናቷ የምታለቅስበት፣ እሷ አድጋ ቆማ የምትከራከርበት። ተውኔቱ በሚቀጥለው ወር በዋና ከተማው ይታያል፤ ሚኒስትሮች ሳይቀሩ ተጠርተዋል። ልታስቆማቸው አንድ እግሯን መድረኩ ላይ ታደርጋለች።

አባቷ ወደ ፌርሚን ጎንበስ ብለው መልሱን እየጠበቁ ነው። የምራቸውን ነው።

እግሯን ትመልሳለች።

ፌርሚን የተጻፈለት ቃል ስላለቀበት ከራሱ ይጀምራል። «ድንበሩ ከጥቁሩ ቋጥኝ ተነስቶ...»

«ከቋጥኙ አይደለም፣ ከምንጩ ነው!» ይላል አንድ ሽማግሌ ከተቀመጠበት።

«እውነቱን ነው፤ እናቴ በጎቿን እዚያ ነበር የምታጠጣው» ትላለች ሌላዋ፣ ብድግ ብላ። ከዚያ ሌላ ሰው ይነሳል፤ የማን ገብስ የት ይዘራ እንደነበር፣ ማን የት እንደተቀበረ። ዳኛው ማንንም አያቋርጡም።

ፀሐይ ከሐይቁ ማዶ እየጠለቀች ነው፤ ብርዱ ቢበረታም ወደ ቤቱ የሚሄድ የለም። ባሲሊያ ከመጋረጃው ጀርባ ወጥታ፣ ከሕዝቡ መሃል አግዳሚው ጫፍ ላይ ትቀመጣለች። መድረኩ ላይ አባቷ መዳፋቸውን ከጆሯቸው ኋላ ደግነዋል።

«ቀጥል ልጄ» ይሉታል ፌርሚንን። «ከምንጩ ወዲያስ?»