የማሩ ጣሳ

ሸሪፋ የካ አባዶ ባለው ኮንዶሚኒየሟ ወጥ ቤት ቆማ ባዶውን የማር ጣሳ ለሦስተኛ ጊዜ አጠበችው። ጣሳውን ማር ሞልታ የላከችላት፣ ልጇ ሒክማ ደቡብ ምዕራብ ማሻ ድረስ ሄዳ ስለ ኑሮዋ ዘጋቢ ፊልም የሠራችላት ሴት ነበረች። ሒክማ ፊልሙን ለሴትዮዋና ለጎረቤቶቿ ልታሳይ በማግስቱ ወደዚያው ልትመለስ ነበር። ሸሪፋ ግን ከጠዋት ጀምሮ መኪና ሲገለበጥ፣ ልጇ ሰው አገር ስትታመም ሲታያት ውሎ፣ «አትሄጂም» ልትላት ቆርጣለች።

«እማ፣ ነይ እስቲ እይው» አለች ሒክማ ላፕቶፑን ከፍታ።

በፊልሙ ላይ ሴትዮዋ ግቢዋን ጠረገች፤ ዶሮዎቿን ጠራች፤ ስለ አጥሩ ከባሏ ጋር ተጨቃጨቀች።

«ይኼ ምኑ ፊልም ነው? እኔስ ቤቴን እጠርግ የለ?»

«አንቺንም እቀርፅሻለሁ፣ ተራሽን ጠብቂ።»

ያን ጊዜ ሴትዮዋ ቀጥ ብላ መጥታ ካሜራውን በመዳፏ ሸፈነችው። ምስሉ ጨለመ፤ ድምፅዋ ብቻ ተሰማ። «በቃ፣ አስቀምጪው ይኼን! ከጠዋት ጀምሮ እህል አልቀመስሽም። ቁጭ በይና ብዪ፣ ልጄ።»

ሸሪፋ ወደ ወጥ ቤት ተመለሰች። የሰው ዕቃ ባዶውን መመለስ በእሷ ቤት ተደርጎ አያውቅም። ጣሳውን እስከ አፉ ሽሮ ሞላችው፤ ክዳኑን በላስቲክ ጠቅልላ አሰረችና ከካሜራው ቦርሳ አጠገብ አኖረችው።

«ልሂድ ማለት ነው?» አለች ሒክማ እየሳቀች።

«እኔ ምን አልኩ? ዕቃው የሰው ነው» አለች ሸሪፋ። «ከፊት ወንበር ግን እንዳትቀመጪ።»